የጎደለው ሰላምታ

ሮቤ፣ ጥቅምት 8 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለተከበሩ አስር አለቃ ገብረ ሚካኤል፣ ደብረ ታቦር

በቀድሞ ባልደረባዎ በኦቦ ረጋሳ በኩል የላኩልኝ ወረቀት ደርሶኛል። ሰላምታ የለውም፣ ቀን የለውም፤ ሦስት ጥያቄ ብቻ ነው ያለው። ማን ነህ? የማን ልጅ ነህ? የሞተ ሰፈር ምን ያደርግልሃል? ኦቦ ረጋሳ “ድሮም እንዲሁ ነው፣ እንዳትቀየም” ብለውኛል። አልተቀየምኩም። እንደ አጠያየቅዎ በተራ ልመልስ።

ሳላሀዲን ጫሊ እባላለሁ። ሮቤ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ታሪክ አስተምራለሁ። አባቴ ጫሊ ሲናና ላይ መሬት ነበረው፤ አላህ ጀነት ያግባውና ካረፈ ዓመታት አልፈዋል። እናቴ ሙሉካ ትባላለች። እርስዎ በነበሩበት ዘመን ቤታችን ጎባ ነበር፣ ከጦር ሰፈሩ በር ፊት ለፊት። እናቴ በሩ ላይ ወተት ትሸጥ ነበር። እኔ የተወለድኩት ወታደሩ ከወጣ በኋላ ነው፤ ስለዚህ ሰፈሩን የማውቀው ባዶውን ነው። መጀመሪያ ተፈናቃይ ሰፈረበት፣ ከዚያ የስንዴ መጋዘን ሆነ፣ ከዚያ ደግሞ ፍየል ብቻ የሚውልበት ግቢ ሆኖ ቀረ።

አሁን ከተማው የድንጋዩን ሕንፃ አድሶ ቤተ መጻሕፍት ሊያደርገው ነው። በሚያዝያ ይመረቃል። የሰፈሩን ታሪክ ትንሽ መጽሐፍ አድርገህ ጻፍ ተብያለሁ። እጄ ላይ ያለው ግን ማን መቼ አዘዘ፣ የትኛው ጦር ገባ፣ የትኛው ወጣ የሚል ነገር ነው። ሰው የለበትም። ይህን ለኦቦ ረጋሳ ሳማርር “መለከት ነፊው በሕይወት አለ። ጆሮው ስለማይሰማ አትደውልለት፣ ጻፍለት” አሉኝ። መጀመሪያም የጻፍኩልዎ ለዚህ ነው። ሕንፃው መቼ ተሠራ፣ ባሕር ዛፎቹን ማን ተከላቸው፣ ትልልቆቹ አዛዦች ምን ዓይነት ሰዎች ነበሩ፣ የእርስዎስ ሥራ ምን ነበር? የሚያስታውሱትን ሁሉ ቢጽፉልኝ ውለታዎን አልረሳም።

እናቴ ሰላም ብላለች። እህቴ ዙሀይራ ከሁለት ልጆቿ ጋር ሰላም ትላለች። የእኔ ታላቅ ናት፣ ገበያው ዳር እህል ትነግዳለች። ይህንን ደብዳቤ ፖስታ ቤት የምታደርሰውም እሷ ናት። ታናሽ ወንድሜ ማሜ ሪራ ጫካ ማር ሊቆርጥ ወርዷል፤ ቢኖር ሰላም ይል ነበርና ብሏል እንበል። ባለቤቴ ሰቢሪናም ሰላም ብላለች። ሰላምታችን ረዝሞብዎ እንደሆነ ይቅርታ። እኛ ቤት ደብዳቤ ሲጻፍ አንድ ሰው ስሙ ሳይጠራ ከቀረ ሳምንት ሙሉ ነው የሚያኮርፈው።

አክባሪዎ
ሳላሀዲን ጫሊ


ደብረ ታቦር፣ ኅዳር 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለሳላሀዲን ጫሊ፣ ሮቤ

አካም ጅርታ? ሌላውን ኦሮምኛዬን ዝገት በልቶታል፤ የተረፈችኝን ላኩልህ።

መንገድ ተዘግቶ ስለነበር ደብዳቤህ ዘግይቶ ነው የደረሰኝ። የቤታችሁን ሰው አንድ በአንድ አነበብኩት፣ አልረዘመብኝም። ሰው ሰላም ሲለኝ የማየው አፉ ሲከፈትና ሲዘጋ ብቻ ነው። ተጽፎ ሲመጣልኝ ደስ ይለኛል። አብራኝ የምትኖረው የእህቴ ልጅ ጽጌም ሰላም ብላችኋለች። እኛ ቤት ያለነው ሁለታችን ብቻ ስለሆንን ኩርፊያ የለም።

ስለ ትልልቆቹ አዛዦች ጠይቀኸኛል። አላውቃቸውም። ሲመጡ እነፋለሁ፣ ሲሄዱ እነፋለሁ። መካከሉን ሌላ ሰው ጠይቅ።

ሕንፃው በጃንሆይ ጊዜ ተሠራ ሲሉ ነው የሰማሁት። እኔ በስልሳ ስምንት ስደርስ ጣሪያው ያፈስ ነበር። ደርግም አልደፈነውም። ከተማችሁ አሁን ከደፈነው፣ የዚያ ሰፈር ትልቁ ድል እሱ ነው፤ ይህን ጻፍልኝ።

ከጀርባ ያለው የባሕር ዛፍ ረድፍ የቅጣት ዛፍ ነው። የዘገየ ወታደር አንድ ጉድጓድ ይቆፍራል፣ አንድ ችግኝ ይተክላል፣ እስኪጸድቅ ውኃ ያጠጣል። ሰክሮ የመጣ ሁለት። በሰሜን በኩል ጥቅጥቅ ያለውን ታውቀዋለህ? እሱ የረጋሳ ነው። መኪና መንዳት እንጂ ሰዓት ማክበር አልፈጠረበትም። ሂድና ጥላው ሥር አስቀምጠህ ጠይቀው፣ እስቲ ይካድ።

የእኔ ሥራ መለከት ነበር። ጠዋት ጉሙ ሳይገለጥ እነፋለሁ፤ ወታደሩ ይነሣል፣ ከወታደሩም ጋር ጎባ ትነሣለች። ጋሪ ነጂው ፈረሱን ይጭናል፣ ተማሪ ፊቱን ይታጠባል። ማታ ባንዲራ ሲወርድ ደግሞ እነፋለሁ። በረመዳን ወር ከበሩ ፊት ለፊት ያለው ሰፈራችሁ ማፍጠሪያ ያደረገው ይህችን የማታዋን ነበር። መስጊዱ ያኔ ድምፅ ማጉያ የለው፤ ጎባም እንደምታውቃት በጉም ስትሸፈን ፀሐይ ትጥለቅ አትጥለቅ ማንም አያውቅም። መለከቱ ተነፋ፣ ሰው አፈጠረ። ማንም አላዘዘኝም፣ እነሱም አላስፈቀዱኝም፤ እንዲያው ሆነ።

አንድ ቀን ታዲያ ተረኛው መኮንን ሠርግ ተጠርቶ ተጣድፏል። ሰዓቱ ገና ሳይደርስ “ባንዲራ አውርድ፣ ንፋ!” አለኝ። ነፋሁ። ሰፈሩ በሙሉ ቴምሩን ጎረሰ። ጉሙ ግን ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ወዲያው ተገለጠ! ፀሐይቱ ተራራው ጫፍ ላይ ቁጭ ብላ ታየናለች። ትንሽ ቆይቶ ኦቦ ዲማ የሚባሉ ሽማግሌ በሩን በከዘራቸው ደበደቡት። “አንተ መለከት! ጾማችንን በላህብን!” አሉኝ። ከኋላቸው የቆመው ሰው ብዛት! እናትህ ሙሉካ ከነወተት ጣሳዋ ከፊት ነበረች፣ እየሳቀች።

ከዚያ ወዲያ በረመዳን ባንዲራው ቢወርድም ኦቦ ዲማ ከመስጊዱ በር ነጭ ፎጣቸውን ሳያውለበልቡልኝ ነፍቼ አላውቅም። ለዚህም ታስሬአለሁ። ጉድጓድም ቆፍሬአለሁ። ከረድፉ መጨረሻ ዘመም ያለውን ባሕር ዛፍ ካገኘኸው የእኔ ነው።

አሁን ለእናትህ “መለከት ነፊው ሰላም ብሎሻል” በላት። ምን እንዳለች ጻፍልኝ። ከዚያ በኋላ የምጠይቅህ አንድ ነገር ይኖረኝ ይሆናል።

ገብረ ሚካኤል


ሮቤ፣ ታኅሣሥ 11 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለተከበሩ አስር አለቃ ገብረ ሚካኤል

ጤናዎ እንዴት ነው? ብርዱስ? እዚህ ጠዋት ጠዋት ሳሩ ነጭ ሆኖ ነው የሚያድረው።

ዘመም ያለውን ባሕር ዛፍ አገኘሁት። ኦቦ ረጋሳንም ጥላቸው ሥር ወስጄ ጠየቅኳቸው። “ከግማሹ በላይ የራሱ ነው፣ በእኔ ያላክካል” አሉ። ሁለቱንም ጽፌአለሁ።

የጠየቁኝን ልመልስ። ለእናቴ እንዳሉኝ ነገርኳት። ምስር እየለቀመች ነበር። “አለ እንዴ?” አለች። ደብዳቤውን እንዳነብላት ጠየቀችኝ፤ ስለ ጾሙ ያለው ቦታ ስደርስ ሳቀች፣ ከዚያ እንደገና አንብብልኝ አለች። ሁለተኛውን ሳነብ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ ነበር። ስጨርስ “ሰላም ብላሃለች በለው። ሌላ እንዳትጽፍ” ብላ ሰፌዱን ይዛ ተነሣች። እናቴ ነገር የምትሸሽ ሴት አይደለችም፤ ስለዚህ ገርሞኛል።

ደብዳቤዎን የወደደችልዎ ግን እህቴ ዙሀይራ ናት። ከፖስታ ቤት የምታመጣው እሷ ስለሆነች ከእኔ በፊት ከፍታ ታነበዋለች። ነውር ነው ብላት “ሰላምታ የላክሁበት ነው፣ ድርሻ አለኝ” አለችኝ። የኦቦ ዲማን ነገር ገበያው ሁሉ ሰምቶታል። ሚዛን የሚያጎድል ነጋዴ ስታገኝ “አንተ መለከት! ጾሜን በላህብኝ!” ማለት ጀምራለች፣ ሌሎቹም ተቀብለዋታል። እና አንድ ጥያቄ አላት፤ ማታ ማታ የሚነፋው ዜማ እንዴት ያለ ነበር ትላለች።

የእኔ ጥያቄ ስለ መጨረሻዎቹ ቀናት ነው። በሰማንያ ሦስት ግንቦት ሰፈሩ እንዴት ተለቀቀ? በጽሑፍ ያገኘሁት ነገር የለም። ኦቦ ረጋሳም እዚያ ላይ ሲደርሱ ወሬ ይለውጣሉ።

እናቴ፣ ዙሀይራና ልጆቿ፣ ማሜ፣ ሰቢሪና፣ ሁሉም ሰላም ብለዋል። ለእሜቴ ጽጌም ሰላም ይበሉልን።

አክባሪዎ
ሳላሀዲን


ደብረ ታቦር፣ ጥር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሳላሀዲን፣ በረጋሳ እጅ

ይህ ደብዳቤ በረጋሳ ስም በታሸገ ፖስታ ውስጥ የመጣልህ እህትህ ከአንተ በፊት እንዳታነበው ነው። ብቻህን ሆነህ አንብበው። ከመጽሐፉም አታስገባው።

መጀመሪያ የጠየቅኸኝን። የግንቦቱ ነገር አጭር ነው። ጠዋት ነፋሁ፣ ተሰለፍን፣ ተጫኑ ተባለ። ወዴት ሲባል የሚመልስ የለም። ያዘዘን ሰው ራሱ ከሰዓት በኋላ አልነበረም። ያን ዕለት ማታ ባንዲራውን ያወረደ የለም፤ ስለዚህ አልነፋሁም። በመንገድ ላይ አጠገባችን የፈነዳ ነገር ጆሮዬን ወሰደው። የመጨረሻ የሰማሁት ምን እንደነበር ብትጠይቀኝ ረጋሳ ማርሽ ሲያስገባ ነው፤ እሱም አያምርም ነበር።

አሁን የእኔን ልንገርህ።

ሚስቴ ስንዱ ትባል ነበር። በዚያው ዓመት የካቲት መጨረሻ፣ በሰፈሩ ክሊኒክ ውስጥ ሴት ልጅ ወልዳ በሦስተኛው ቀን ሞተች። እናትህ በዚያው ሰሞን አራስ ልጇ ሞቶባት፣ ጡቷ ወተት ሞልቶ፣ በሩ ላይ የላም ወተት ትሸጥ ነበር። ማንም ሳይለምናት ገብታ ሕፃኗን ከእጄ ወሰደቻት። ጠዋት ትወስዳታለች፣ ማታ ታመጣልኛለች። ልጅቷ ባንዲራ እስኪወርድ ታለቅስና መለከቱን ስትሰማ ዝም ትላለች። ወታደሩ ሁሉ ይስቅብኝ ነበር።

ተጫኑ ሲባል ሕፃን ይዤ የትም መድረስ እንደማልችል ያወቀው አባትህ ጫሊ ነው። ሽማግሌ ጠርቶ በሩ ላይ ቆየኝ። ኦቦ ዲማ ነበሩ፣ ረጋሳም መኪናውን አስነሥቶ እየጠበቀኝ ያያል። ጉዲፈቻ ነው ተባለ። ቅቤ ቀቧት፣ መረቋት። ከዛሬ ወዲያ የጫሊና የሙሉካ ልጅ ናት፤ ያሳደገ አሳደግኳት አይልም፣ የሰጠም ዞሮ አይጠይቅም ተባለ። እሺ ብዬ እጄን ሰጠሁ። እናትህ አላየችኝም፣ ልጅቷን ነበር የምታየው። ሰማንያ ቀኗ ስላልሞላ ክርስትና አልተነሣችም፣ ስምም አልወጣላትም ነበር። ለዚህ ነው እስከ ዛሬ በልቤ እንኳ የምጠራት ስም የሌለኝ።

ቃሌን ጠብቄአለሁ። አልመጣሁም፣ አልላክሁም፣ ረጋሳንም ጠይቄው አላውቅም። የእናትህን ስም በደብዳቤህ ላይ ባላይ ኖሮ ይኸው እንዳለሁ እሄድ ነበር። አሁን ግን ዓይኔም መጥፋት ጀምሯል። ሐኪሙ ከፋሲካ ብዙም አያልፍም ብሎኛል። ጆሮ የሌለው ሰው ዓይኑም ከሄደ ምን በር ይቀረዋል? ሰው የሚነግረኝን የምሰማበት ይህ ወረቀት ብቻ ነው። ስለዚህ ቃሌን ልሰብር ነው፣ አንዴ ብቻ። ማን እንደሆነች አልጠይቅህም። የት እንዳለች አልጠይቅህም። አለች ወይስ የለችም? አንድ ቃል ጻፍልኝ፣ ፊደሉን ትልቅ አድርገው።

እናትህን ሳታስፈቅድ አትመልስልኝ።

ገብረ ሚካኤል


ሮቤ፣ የካቲት 16 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለተከበሩ አስር አለቃ ገብረ ሚካኤል

ደብዳቤዎ ደርሶኛል። መልሴ በመዘግየቱ ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ የፈተና ወቅት ስለነበረ ነው።

መጽሐፉ ወደ ማለቁ ነው። የባሕር ዛፉን፣ የጣሪያውንና የረመዳኑን ታሪክ አስገብቻለሁ። ስለ ግንቦት የጻፉልኝን በሁለት ዐረፍተ ነገር ብቻ ጠቅሼዋለሁ፤ ከዚያ ያለፈውን እንዳዘዙኝ ትቼዋለሁ። የሕንፃው ጣሪያ ሙሉ በሙሉ ተቀይሯል። ምርቃቱ ከፋሲካ በኋላ ባለው ቅዳሜ እንዲሆን ተወስኗል፤ ቢችሉ መምጣትዎ ደስ ባሰኘን ነበር፣ ግን መንገዱ እንደማይሆን አውቃለሁ።

ሌላውን ጥያቄዎን በሚመለከት እናቴን አነጋግሬአለሁ። በሽማግሌ ፊት የተባለው እንደተባለ ይቆይ ብላለች። ከዚህ በላይ የምጽፈው የለኝም። ይቅር ይበሉኝ።

ለዓይንዎ አላህ ምሕረቱን ያውርድልዎ። ፊደሌን ትልቅ አድርጌአለሁ።

እናቴ ሙሉካ ሰላም ብላለች። ማሜ ሰላም ብሏል፣ ከሪራ ተመልሷል። ባለቤቴ ሰቢሪና ሰላም ብላለች። ኦቦ ረጋሳም ሰላም ብለዋል።

አክባሪዎ
ሳላሀዲን ጫሊ


ደብረ ታቦር፣ መጋቢት 17 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለሳላሀዲን፣ በረጋሳ እጅ

መስመሩ ከተጣመመብህ እጄ አይደለም፣ ዓይኔ ነው። በገዛ እጄ የምጽፈው የመጨረሻው ሳይሆን አይቀርም፤ ስለዚህ ታገሠኝ።

ዘንድሮ ጾማችን አንድ ላይ ገጠመ። እናንተም ትጾማላችሁ፣ እኔም እጾማለሁ። ከእኔ መለከት ርቃችሁ ስለምትጾሙ ማንም የሚበላባችሁ የለም።

ደብዳቤህን ሦስት ቀን ይዤው ነበር። መጀመሪያ ሳነበው አዘንኩብህ፣ አልዋሽህም። “አንድ ቃል ነው የለመንኩት፣ አንድ ቃል ነፈገኝ” አልኩ። ጽጌን ያለ ምክንያት ተቆጣኋት። በማግስቱ ሌላ ሥራ ስለሌለኝ የቆዩትን ደብዳቤዎችህን አውጥቼ ከመጀመሪያው አነበብኩ።

በጥቅምት ከሁለት ልጆቿ ጋር ሰላም ያለችኝ ሴት ነበረች። በታኅሣሥ በእኔ ሞኝነት እየሳቀች ስለ ዜማው ጠየቀችኝ። በየካቲት የለችም። ማሜ ከጫካ ወጥቶ ሰላም ብሎኛል፤ ያ ዋሾ ረጋሳ እንኳ ሰላም ብሎኛል፤ እሷ ግን የለችም። ታማ ቢሆን አንተ ትጽፍልኝ ነበር። ከቤት ወጥታ ርቃ ሄዳ ቢሆን ትጽፍልኝ ነበር። እናንተ ቤት ስሙ ያልተጠራ ሰው ሳምንት እንደሚያኮርፍ የነገርከኝ አንተ ነህ፤ እንዲህ ያለ ሰው እህቱን ረስቶ አይደለም። ስሟን ልትጽፍ ስትል እጅህ አልታዘዝ ብሎህ ነው።

ልጄ፣ አንተ መደበቅ አታውቅበትም። አታውቅበትምና እግዜር ይባርክህ።

ደስ አለኝ። አለቀስኩም። ጽጌ ምን ሆንክ ብላ ስትጠይቀኝ አፏን እያየሁ እንዳልገባኝ ሆንኩ። ስሟንም ይኸው አወቅሁ። ለራሴ ጮክ ብዬ አልኩት፣ አልሰማሁትም እንጂ ጎረቤት ሳይሰማ አልቀረም።

እንግዲህ እንዲህ እንበል። አንተ አልነገርከኝም፣ እኔም አልጠየቅኩህም። እናትህንም “ቃልሽ እንዳለ ነው” በላት። ለእህትህ ምንም አትንገራት። የጫሊ ልጅ ናት፤ እኔ ራሴ አሜን ብያለሁ።

የጠየቀችኝን ግን ሳልመልስላት ቆይቻለሁና ይህን ንገርልኝ። ዜማ በወረቀት አይላክም። ሙሉካ ታውቀዋለች፣ እሷን ትጠይቅ።

ለመጽሐፉ አንድ እርማት አለኝ። ጥቅጥቅ ያሉት ባሕር ዛፎች ረጋሳ እንዳለው ከግማሽ በላይ የእኔ ናቸው። እውነቱን ጻፍ።

ገብረ ሚካኤል


ሮቤ፣ ሚያዝያ 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለአባባ ገብረ ሚካኤል፣ ደብረ ታቦር

እንኳን ለትንሣኤው አደረሰዎ። ፊደሌን እንደ ጆንያ ላይ ጽሕፈት ትልልቅ ያደረግኩት ለዓይንዎ ብዬ ነው። ማንበብ ካቃተዎ እሜቴ ጽጌ መዳፍዎ ላይ በጣቷ ትጻፍልዎ፤ እኔ ገበያ ውስጥ ከማይሰማ ሰው ጋር እንዲያ ነው የምነጋገረው፣ ይገባል።

ዙሀይራ ነኝ። የሳላሀዲን እህት።

የየካቲቱን ደብዳቤ ፖስታ ቤት ያደረስኩት እኔ ነኝ። እንደ ልማዴ ሳላሽገው አነበብኩት። ሰላምታው ላይ ስሜን ብፈልገው የለም! በሕይወቴ እንዲያ ተናድጄ አላውቅም። እዚያው ባንኮኒው ላይ እስክሪብቶ ተውሼ ልጨምርበት ነበር። ከዚያ “ይህ ልጅ ያለ ነገር አይደለም” አልኩና ዝም ብዬ አሸግሁት። ማታ ቤቱ ሄጄ ከመጽሐፍ መደርደሪያው ጀርባ እጄን ሰደድኩ። ከልጅነቱ ጀምሮ የሚደብቀው እዚያ ነው። የጥር ወሩን ደብዳቤዎን አገኘሁት። የመጋቢቱንም በኋላ ያገኘሁት እዚያው ነው።

ያላወቅሁትን ነገር ግን ብዙም አላገኘሁበትም። ኒካዬ ሊታሰር ሲል እናቴ ጓዳ አስገብታ ነግራኛለች። የማንን ስም ይዘሽ እንደምትዳሪ ማወቅ አለብሽ፣ ሸኹም እንዲሁ ብለውኛል አለችኝ። አባቴ ጫሊ በር ላይ ቆሞ ያለቅስ ነበር። ሄጄ አቀፍኩትና “አባቴ ሆይ፣ እንግዳው ይጠብቃል፣ ዳረኝ እንጂ” አልኩት። ከዚያ ወዲያ ስለዚህ ነገር ማንም ከማንም ጋር አላወራም። አሁን ሳላሀዲን እኔ እንዳላውቅ ይጠነቀቃል፣ እኔ እሱ ማወቁን ያላወቅሁ እመስላለሁ፣ እናታችን ሁለታችንንም ትጠብቃለች። ቤት ውስጥ ሁላችንም በጥፍራችን ነው የምንሄደው። አንዳንዴ ብቻዬን ሆኜ ያስቀኛል።

የማላውቀው በሕይወት መኖርዎን ነበር። መለከቱ የእርስዎ መሆኑንም አላውቅም ነበር። እናቴ “ወታደር ነበር” ብቻ ነው ያለችኝ።

ምርቃቱ ጥሩ ሆነ። ዝናብ መጣ፣ ጣሪያው አላፈሰሰም፤ ይህንን ሳላሀዲን በንግግሩ ላይ የሰፈሩ ትልቁ ድል ነው ብሎ ሕዝቡን አሳቀው። ቀጥሎ ከሙዚቃ ክበብ የመጣ ተማሪ መለከት ነፋ። እናቴ በሩ ላይ ቆማ ነበር፣ ድሮ ጣሳዋን ታስቀምጥበት የነበረው ቦታ ላይ። “አይደለም፣ እንዲህ አይደለም” አለችኝ። ታዲያ እንዴት ነው ብላት በአፏ አንጎራጎረችልኝ።

አባባ፣ አውቀዋለሁ። ልጆቼን ስታስተኛ የምታንጎራጉረው ነው። እኔንም ስታስተኛኝ ያንኑ ነበር። ሌላ ሰው ሲለው ስለማልሰማ እሷ ያወጣችው እሹሩሩ ይመስለኝ ነበር። በሕዝብ መካከል ቆሜ አለቀስኩ፤ ሳላሀዲን በንግግሩ የነካኝ መስሎት እስከ ዛሬ ይኩራራል።

አንድ ነገር በግልጽ ልበልዎ። እኔ የጫሊና የሙሉካ ልጅ ነኝ፤ ይህን ማንም አይነካብኝም፣ እርስዎም እንደማይነኩት ከደብዳቤዎ አይቻለሁ። ነገር ግን በዚያ በር ላይ ቃል የገቡት እርስዎ ነዎት፣ አባቴ ነው፣ እናቴ ናት። ኦቦ ዲማም፣ ሥራ ፈት ቆሞ ያይ የነበረው ኦቦ ረጋሳም አሜን ብለዋል። እኔ ግን ያን ጊዜ ስም እንኳ አልነበረኝም። ማንም አልጠየቀኝም፣ እኔም ምንም ቃል አልገባሁም። ስለዚህ የጎደለውን ሰላምታ ራሴ ላሟላ ብዬ ነው የጻፍኩት።

እናቴ ሙሉካ ሰላም ብላለች። ሳላሀዲን ሰላም ብሏል፤ አልጠየቅኩትም እንጂ ይላል። ሰቢሪናና ማሜ ሰላም ብለዋል፤ ማሜ ከሪራ ያመጣውን ማር በመኪና ልኬልዎታለሁ፣ እሜቴ ጽጌ መናኸሪያ ወጥታ ትቀበል። ቢሊሱማ ሰላም ብሏል፣ ትልቁ ልጄ ነው፣ ሰዓት ማክበር አይሆንለትም። ሙኒራ ሰላም ብላለች፣ ሁለት ጥርሷ ወልቋል።

እኔም አለሁ። ደህና ነኝ።

ልጅዎ
ዙሀይራ